የሌላ ሴት እርግማን የተሸከሙት ወይዘሮ ላማይ

ወይዘሮ ላማይ ሲሪቻን ከአባታቸው ከአቶ ጩዋ ሲሪቻንና ከእናታቸው ከወይዘሮ ሳንጊያም በ2494 ዓመተ ቡድሃ፣ ዝናቡ አባርቶ ወንዙ ጢም ብሎ በሚሞላበት ወር፣ የሜክሎንግ ወንዝ ከባሕር በሚገናኝበት በባንግ ሶምሳይ መንደር ተወለዱ። ለቤቱ የመጀመሪያም የመጨረሻም ልጅ ነበሩ። አባታቸው በሰው የጨው መስክ ላይ የባሕር ውኃ እያስገቡ፣ ፀሐይ ሲያደርቀው ጨው እየሰበሰቡ ይኖሩ ነበር። እናታቸው በሜክሎንግ ገበያ በእንፋሎት የበሰለ ዓሣ ይሸጡ ነበር፤ ጉልበታቸው እስኪደክም ድረስም ሸጠዋል። ያዋለዷቸው አሮጊት እንደተናገሩት ወይዘሮ ላማይ ሲወለዱ ወዲያው አላለቀሱም። ግንባራቸውን ቋጥረው በቤቱ ያለውን ሰው አንድ በአንድ አዩ። አሮጊቷም፣ «እንዴ! ይቺ ልጅ ገና ከመምጣቷ ምን አጠፋንባት?» አሉ ይባላል።

እናታቸው የሚሸጡት ዓሣ በቀርከሃ ቅርጫት የሚደረደረው አንገቱ ታጥፎ ነው፤ ካልታጠፈ አይገባም። ከዚህ የተነሣ በአገራችን ያኮረፈ ሰው ሲታይ «ፊቱን የሜክሎንግ ዓሣ አስመሰለው» ይባላል። ወይዘሮ ላማይ በልጅነታቸው ከቅርጫቶቹ ጀርባ ተቀምጠው ዝንብ ሲያባርሩ ገዢዎች፣ «ሳንጊያም፣ የሚሸጠው የትኛው ነው? ቅርጫቱ ውስጥ ያለው ነው ወይስ አጠገብሽ የተቀመጠችው?» እያሉ ይቀልዱባቸው ነበር። በዚያ ፊት ኋላ ቤት እንደሚያቆሙበት ማንም አላሰበም። የተቋጠረው ፊታቸው እንጂ ልባቸው አልነበረም። ከገበያ መልስ የተሰበሩትን ዓሦች ለድመቶች ሲያካፍሉ አንዷ ድመት ከቀረች ድርሻዋን በቅጠል ጠቅልለው የሚያቆዩ ልጅ ነበሩ።

ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ በመንደሩ ገዳም በሚገኘው ትምህርት ቤት ገብተው እስከ አራተኛ ክፍል ተማሩ። አንዴ የሰሙትን አይረሱም ነበር። መምህራቸው ያነበቡላቸውን ግጥም ማታ ለእናታቸው በቃላቸው ይወጡላቸዋል፤ እናታቸውም ፊደል ስለማያውቁ ልጃቸው የምታስታውሰውን ያህል ተማሩ። በ2506 አባታቸው አቶ ጩዋ ባደረባቸው ትኩሳት ሳይታሰብ ዐረፉ። እናትና ልጅ ብቻቸውን ቀሩ። ወይዘሮ ላማይም በአሥራ ሁለት ዓመታቸው ቅርጫት ተሸክመው ገበያ መዋል ጀመሩ።

በ2510 ከባንኮክ የመጡ የፊልም ሰዎች በጨው መስኩ ላይ ሥራ ጀመሩ። ዋናዋን ተዋናይት ከሩቅ እያየች የምትቀና አንዲት የመንደር ልጅ ትፈለግ ነበር። የቀረቡት ልጃገረዶች ሁሉ ካሜራውን ሲያዩ ይስቃሉ። ዳይሬክተሩ ተስፋ ቆርጠው ምሳ ፍለጋ ወደ ገበያ ሲወጡ ወይዘሮ ላማይን አዩና፣ «ያቺን ልጅ ተመልከቱልኝ! ገና አፏን ሳትከፍት ትሳደባለች!» ብለው ጮኹ። እናታቸው ልጃቸው የተሰደበች መስሏቸው የዓሣ መገልበጫቸውን ይዘው ተነሡ። ነገሩ እስኪብራራ ድረስ ዳይሬክተሩ ከአትክልት ሻጮቹ ጀርባ ቆመው መጠበቅ ነበረባቸው።

በዚያ ዘመን ፊልም ያለ ድምፅ ይቀረጽ ነበር። በየሲኒማ ቤቱ ድምፅ ሰጪዎች ማይክሮፎን ይዘው የተዋናዮቹን ንግግር እዚያው ይናገሩላቸዋል። ፊልሙ ሜክሎንግ ሲደርስ ወይዘሮ ሳንጊያም አዲስ ልብስ ለብሰው ከፊት ተቀመጡ። ልጃቸው በመጋረጃው ላይ አፏን ስትከፍት የወጣው ግን የሌላ ሴት ድምፅ ሆነ። እናቲቱ ብድግ ብለው፣ «ይሄ የልጄ ድምፅ አይደለም! ልጄ ላይ ማን ነው የሚናገርባት?» አሉ። ከኋላ ያሉት፣ «እማማ፣ ይቀመጡ እንጂ! አላየንም!» እያሉ ጮኹባቸው። ወይዘሮ ላማይ እጃቸውን ይዘው አስቀመጧቸውና፣ «ተዪው እማዬ። እኔ ፊቴን አዋስኩ፣ እሷ ድምፅዋን አዋሰች። ሲያልቅ ሁላችንም የየራሳችንን ይዘን ወደ ቤታችን እንገባለን» አሏቸው። ይህን ቃል በሕይወታቸው ደጋግመው ተናግረውታል። እናታቸው ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ፣ የተዋሰ ፊት እንደነበረ ይመለስ እንደሆነ ይጨነቁ ነበር።

ወይዘሮ ላማይ ከዚያ በኋላ ወደ ባንኮክ ሄደው በብዙ ፊልሞች ላይ ትንንሽ ሚና ተጫወቱ። አንዴ ቀናተኛ ጎረቤት፣ አንዴ ወሬ አመላላሽ፣ አንዴ ደግሞ ምራቷን የምታባርር አማት ሆኑ፤ አማት ሲሆኑ የሃያ ዓመት ልጅ ነበሩ። በ2515 ወደ ቴሌቪዥን ሥራ ገቡ። በቴሌቪዥን የሚሰማው የገዛ ድምፃቸው ስለሆነ የሜክሎንግ ሰው አነጋገራቸው መጀመሪያ አስቸገራቸው። ባልደረቦቻቸው፣ «ላማይ ስትናገር ዓሣ ዓሣ ይሸተናል» ብለው ሲቀልዱባቸው፣ «ታዲያ ሩዝ ይዛችሁ ኑ» ይሏቸው ነበር። በዚያን ጊዜ ንግግር አስታዋሽ ከመጋረጃ ጀርባ ሆኖ ለተዋናዮች ቃላቸውን ይነግራቸዋል። ወይዘሮ ላማይ ግን ሁሉን በቃላቸው ይዘው ይመጡ ነበር። አስታዋሹ የእሳቸው ተራ ሲደርስ ሩዙን እንደሚበላ በሥራ ቦታቸው የታወቀ ነገር ነው።

በ2519 የመብራት ባለሙያ ከሆኑት ከአቶ ፕራዊት ጋር ጋብቻ መሠረቱ። አቶ ፕራዊት ዝምተኛ ሰው ናቸው። እንዴት እንደተዋወቁ ሲጠየቁ፣ «መብራቱን ፊቷ ላይ ሳበራ ትቆጣኛለች ብዬ እፈራ ነበር፤ ከዚያ አንድ ቀን ሳቀች» ብለው ያበቃሉ። በ2520 ልጃቸው ኒራሞን ተወለደች።

በ2524 ወይዘሮ ላማይን አገር ያወቀበት፣ አገርም የጠላበት ሥራ መጣ። «የጉድጓዱ ቤት» በሚል ተከታታይ ድራማ ላይ ቻንቲራ የምትባል ሴት ሆነው ተጫወቱ። ቻንቲራ የሟች እኅቷን ልጅ ርስት ለመውረስ ስትል ሕፃኗን የምታስርብ፣ የምትደበድብ፣ በመጨረሻም ወደ ጉድጓድ የምትጥል ሴት ናት። ድራማው በሚታይበት ሰዓት ገበያው ጭር ይል ነበር። ጀልባ ቀዛፊዎች ቴሌቪዥን ካለበት ቤት ደጅ ጀልባቸውን አስረው በመስኮት ያያሉ። ሰው ሁሉ ቻንቲራን ረገመ፤ ቻንቲራን የረገመ ሁሉ ደግሞ የሚያውቀው የወይዘሮ ላማይን ፊት ነበር።

በቴሌቪዥን የማይታይ ነገር ግን ነበር። ወይዘሮ ላማይ ማንንም ከመምታታቸው በፊት ሁለት እጃቸውን አጋጥመው ወደ ግንባራቸው በማንሣት ይቅርታ ይጠይቁ ነበር። ይህ የሙያው ደንብ ነው፤ ታናሽ ለታላቁ ያደርገዋል። እሳቸው ግን ለሕፃንም ያደርጉት ነበር። ወላጅ አልባዋን ሆና የምትጫወተውን ትንሽ ልጅ በፊቷ ተንበርክከው፣ «የኔ እመቤት፣ አሁን ልመታሽ ነው። የምትመታሽ ቻንቲራ ናት፤ ይቅርታ የምጠይቅሽ ግን እኔ ነኝ» ይሏታል። ልጅቷም፣ «እሺ እታለም፣ ግን ቶሎ በይ፣ ርቦኛል» ትላቸዋለች። ቀረጻው ሲያልቅም እንደገና እጃቸውን ያጋጥማሉ። ዳይሬክተሩ ጊዜ ያልቃል ብለው ሲቆጡ፣ «ካሜራው ይጠብቅ፤ ካሜራ አይከፋውም» ብለው ይመልሱ ነበር።

በዚያው ዓመት ለአዲስ ዓመት በዓል፣ ልጆች የወላጆቻቸውን እጅ በመዓዛ ውኃ በሚያጥቡበት ቀን፣ ወይዘሮ ላማይ ትንሿን ኒራሞንን ይዘው ወደ ሜክሎንግ መጡ። እናታቸው ገበያ ስለነበሩ ወደዚያው ሄዱ። ከዓሣው መደብ ፊት ለፊት ዱሪያን የሚባለውን እሾሃም ፍሬ የሚሸጡ አክስት ቡንሉዋም የሚባሉ ሴት ነበሩ፤ ከወይዘሮ ሳንጊያም ጋር ለብዙ ዘመን ጃንጥላና ጨው የተዋዋሱ፣ ላማይንም በልጅነታቸው ያዘሉ ናቸው። ያን ቀን ግን ቀና ብለው ያዩት ላማይን አልነበረም። «ቻንቲራ! አንቺ እባብ! ደግሞ ሌላ ሕፃን ይዘሽ መጣሽ?» ብለው የዱሪያኑን እሾሃም ልጣጭ አንሥተው ወረወሩ። ወይዘሮ ላማይ ልጃቸውን ለመከለል ቀኝ እጃቸውን አነሡ። እሾሁ የእጃቸውን ጀርባ ሰነጠቀው። ገበያውም ተቀባበለ። «ገደል ግቢ!» ያለ አለ። «እንዳስራብሻት ተርበሽ ሙቺ!» ያለ አለ። «የወለደችሽ ማኅፀን ትድረቅ!» ያለችው ሴት ደግሞ የወለደቻቸው እናት ከፊቷ ቆማ ዓሣ እየመዘነች መሆኑን ረስታው ነበር።

ወይዘሮ ላማይ ደሙ እየወረደ እጃቸውን አጋጥመው ለአክስት ቡንሉዋም ሰላምታ ሰጡ። «እግዜር ይስጥልኝ አክስቴ። ሥራዬን በደንብ ሠርቻለሁ ማለት ነው» አሏቸው። ቤት ሲደርሱም ቁስላቸው በጨርቅ እንደታሰረ የእናታቸውን እጅ አጠቡ፤ እየሳቁም፣ «እማዬ፣ ይሄ ለኔ ሽልማት ነው» አሉ። እናታቸው አልሳቁም። በአፍ የወጣ እርግማን መሬት ላይ እንደማይቀር ከእናቶቻቸው ሰምተው ያደጉ ናቸውና።

በማግሥቱ ወይዘሮ ሳንጊያም የመንደሩን ገዳም አለቃ ሄደው ጠየቁ። «አባ፣ ሰው ቻንቲራን ሲረግም እርግማኑ የት ነው የሚያርፈው? ቻንቲራ የለችም። ያለችው ልጄ ናት።» አለቃው፣ «ሳንጊያም፣ ቴሌቪዥኑ ለገዳሙ ልጆች ነው እላለሁ እንጂ እኔም ከመስኮቱ ውጭ ቆሜ አያለሁ። ያቺን ሴት ስጠላት ለራሴ ደንግጫለሁ» አሏቸው። ቀጥለውም እንዲህ አሉ፦ «እርግማን መንገድ ላይ እንደተጣለ እሾህ ነው። መንገደኛው አልጣለውም፤ ግን ይወጋዋል። ማንሣት ያለበት የጣለው ሰው ነው፤ በጣለበት አፉ።» ወይዘሮ ሳንጊያም፣ «ታዲያ አገሩን ሁሉ እየዞርኩ አንሡልኝ ልበል?» ቢሉ አለቃው፣ «አንቺ አትዞሪም። አገሩ አንድ ቀን ራሱ ተሰብስቦ ወደ ልጅሽ ይመጣል። ያን ቀን ትጠይቂያለሽ» አሏቸው። እናቲቱ ይህን የሰሙት ልጃቸው ትልቅ ሽልማት የምትቀበልበት፣ ሰው የሚያጨበጭብበት ቀን ይሆናል ብለው ነበር። ያንንም ቀን መጠበቅ ጀመሩ።

በ2525 በገዳሙ የጎልማሶች ትምህርት ሲከፈት ወይዘሮ ሳንጊያም ገቡ። ምክንያታቸው አንድ ነበር፤ ልጃቸው በሚቀጥለው ሳምንት ምን ክፋት እንደምትሠራ አስቀድመው አንብበው ለገበያው ሰው መዘጋጀት ይፈልጉ ነበር። ወይዘሮ ላማይ ከባንኮክ በመጡ ቁጥር የድራማውን ጽሑፍ ይዘውላቸው ይመጣሉ። እናቲቱ የተበደለችውን ሴት ሆነው ያነባሉ፣ ልጅቱ የበዳይዋን ቃል በቃላቸው ይመልሳሉ። አንድ ጊዜ ወይዘሮ ላማይ ተቆጥተው ሲናገሩ እናታቸው ወረቀቱን ትተው፣ «አንቺ ባለጌ! እናት አላሳደገችሽም?» አሏቸው። ወይዘሮ ላማይ መሬት ላይ ተንከባልለው ሳቁ። «እማዬ፣ እሱ እኮ እዚያ ላይ አልተጻፈም!» «ባይጻፍም ልክ ነው!» አሉ እናቲቱ። አንድ ገጽ ለመጨረስ ረጅም ሰዓት ይፈጅባቸው ነበር። አገር የሚፈራት ያቺ ሴት ግን አንድም ቀን ቃሉን ከእናቷ አፍ ነጥቃ አታውቅም። ጣቷን ከፊደሉ ሥር አድርጋ ትጠብቅ ነበር።

ከዚያ በኋላ ባሉት ዓመታት ወይዘሮ ላማይ በርካታ ተከታታይ ድራማዎችንና ፊልሞችን ሠሩ። አንድ ዳይሬክተር ደግ እናት ሆነው እንዲጫወቱ ጠይቀዋቸው ነበር፤ ሠሩትም፤ ተመልካቹ ግን፣ «ቆይ፣ መርዙን የምታወጣው መቼ ነው?» እያለ እስከ መጨረሻው ጠበቀ። ወይዘሮ ላማይ ይህን ሲሰሙ ስቀው ወደ ቀድሞ ሥራቸው ተመለሱ። ሥራቸውን የሚያውቁ ግን አከበሯቸው። በ2539 በሙያ ጓደኞቻቸው ፊት የክብር ሽልማት ተቀበሉ። ወይዘሮ ሳንጊያም ለዚያ ቀን ከባንኮክ ልብስ ገዝተው ሄደው ነበር፤ አዳራሹ ግን የተዋናዮችና የዳይሬክተሮች ነበር፤ የረገመው ሕዝብ በዚያ አልነበረም። እናቲቱ እያጨበጨቡ ሲያለቅሱ ሰው የደስታ መሰለው። ወይዘሮ ላማይ ለወጣት ተዋናዮችም መምህር ነበሩ። በጥፊ መምታትን ሲያስተምሩ፣ «መጀመሪያ ይቅርታ መጠየቅ ተማሩ። ይቅርታ ያልጠየቀ እጅ ይከብዳል፤ የከበደ እጅ ደግሞ ሰው ይጎዳል» ይሏቸው ነበር። ዛሬ በቴሌቪዥን የምናያቸው ብዙዎቹ ከመምታታቸው በፊት እጃቸውን የሚያጋጥሙት ከእሳቸው ተምረው ነው።

ልጃቸው ኒራሞንም በሰላም አላደገችም። ትምህርት ቤት ልጆች ምሳቸውን ይዘውላት ይመጡ ነበር፤ እናቷ የምታስርባት እየመሰላቸው። ኒራሞን ሁለት ምሳ ትበላና ዝም ትላለች። አድጋ አስተማሪ ሆናለች፤ አግብታም አንድ ወንድ ልጅ ወልዳለች። ወይዘሮ ላማይ የልጅ ልጃቸውን ሲያባብሉ ያንኑ ፊታቸውን ቋጥረው ነበር፤ ሕፃኑ ግን ያን ፊት ባየ ቁጥር ይፍለቀለቅ ነበር። «አየሽ እማዬ፣ ገና ቴሌቪዥን አላየም» ይሉ ነበር።

በ2550 ወይዘሮ ላማይ በጉበታቸው ላይ ሕመም ተገኘባቸው። በሆስፒታል ተኝተው ሲታከሙ በአጠገባቸው ባለው አልጋ ላይ ከራቻቡሪ የመጡ አንዲት አሮጊት ነበሩ። አሮጊቷ ወይዘሮ ላማይን ባወቁ ጊዜ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ። ነርሷንም፣ «አልጋዬን ቀይሪልኝ፤ ከዚህች ሴት ጋር አልተኛም» አሏት። ነርሷ ሳቀች፤ እሳቸው ግን የምር ነበር። አንድ ቀን ወደ ግድግዳው እንደዞሩ፣ «ለመሆኑ ያቺን ሕፃን ለምን ጉድጓድ ጣልሻት?» ብለው ጠየቁ። ወይዘሮ ላማይ፣ «አክስቴ፣ እኔ ባልጥላት ድራማው እንዴት ያልቃል? እርስዎስ የሚቀጥለውን ሳምንት በምን ይጠብቁት ነበር?» አሏቸው። «እሱስ ነው» አሉ አሮጊቷ። «ግን ብዙ ረግሜሻለሁ። ባሌን እንኳን ያን ያህል አልረገምኩም።» «ታዲያ አሁን እንዴት ነው?» አሏቸው ወይዘሮ ላማይ። አሮጊቷ ዞረው አዩአቸውና፣ «አሁንማ ከሲታ ሆነሻል። ትቼዋለሁ ልጄ፣ አንሥቼዋለሁ» አሉ።

ወይዘሮ ሳንጊያም ይህ ሲሆን በአልጋው ግርጌ ተቀምጠው ነበር። ልጃቸው ፊታቸውን ወደ ትራስ አድርገው አለቀሱ፤ ቆየት ብለውም እንቅልፍ ወሰዳቸው፤ ከታመሙ ወዲህ እንዲህ ያለ እንቅልፍ አልተኙም ነበር። እናቲቱ እስከዚያ ቀን ድረስ የሚጨነቁት እሳቸው ብቻ መስሏቸው ነበር። ወይዘሮ ላማይ ሲነቁ ግን፣ «እማዬ፣ ሁልጊዜ የምስቀው አንቺ እንዳትፈሪ ብዬ ነው። አንዳንዴ ቁጭ ብዬ አስባለሁ፤ ያ ሁሉ ሰው፣ ያ ሁሉ አፍ። ፊቴን አዋስኩ እንጂ መልሰው ሰጡኝ ወይ? ስሄድ የምሄደው ላማይ ሆኜ ነው ወይስ ቻንቲራ?» አሉ። እናታቸው የገዳሙ አለቃ የነገሯቸውን ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ለልጃቸው ነገሯቸው። አለቃው ራሳቸው ካረፉ ብዙ ዘመን ሆኗቸው ነበር። ወይዘሮ ላማይ ጥቂት አሰቡና ፈገግ ብለው፣ «እማዬ፣ አገሩ ተሰብስቦ የሚመጣበትን ቀን እኔ አውቀዋለሁ። እንዳትረሺ፣ ያኔ ጠይቂልኝ» አሉ። እናታቸው ያን ጊዜ ቀኑ የቱ እንደሆነ ገባቸው። ምነው ባልገባቸው ኖሮ።

ወይዘሮ ላማይ በአገር ውስጥ ባሉ ሐኪሞች ሁሉ ሲረዱ ቆይተው፣ ሕክምናው ከዚህ በላይ እንደማይረዳቸው ሲነገራቸው ወደ ባንግ ሶምሳይ ይመልሷቸው ዘንድ ጠየቁ። ወንዙ በሚታይበት ክፍል ተኙ። በኅዳር ወር 2551 ዓመተ ቡድሃ፣ በተወለዱበት በዚያው ወንዙ በሚሞላበት ወር፣ ረቡዕ ጠዋት መነኮሳት ምጽዋት ለመቀበል በጀልባ ሲያልፉ፣ እናታቸው ሩዙን ሰጥተው ሲመለሱ ወይዘሮ ላማይ ዐርፈው አገኟቸው። ሃምሳ ሰባት ዓመታቸው ነበር። ግንባራቸው አልተቋጠረም ነበር። እናታቸው ያን ፊት ሳይቋጠር ያዩት በእንቅልፍና በሞት ብቻ ነው።

እንደ አገራችን ልማድ በማግሥቱ ቀኝ እጃቸው ከመሸፈኛው ወጥቶ፣ የሚያውቋቸው ሁሉ በየተራ የመዓዛ ውኃ አፈሰሱበት። በየአዲስ ዓመቱ የእናቷን እጅ የምታጥበውን ልጅ እጅ እናቷ አጠበች። ይህ የሥርዓት መገልበጥ ነው፤ ግን ሆነ። ሰልፉ ሊያልቅ ሲል ሰማንያ ዓመት ያለፋቸው አክስት ቡንሉዋም በሁለት ሰው ተደግፈው መጡ። ውኃውን ይዘው ቆሙ። ከዚያ በእጁ ጀርባ ላይ ያለውን ጠባሳ አዩ። «ልጄ» አሉ፣ «እኔ የወረወርኩት ለቻንቲራ ነበር። አንቺ መሃል ገባሽ። እንዲያውም ያ ዱሪያን ደህና ዱሪያን ነበር፤ ልጣጩን ስወረውር ፍሬው ከእጄ ወድቆ ተበላሸብኝ።» የቆመው ሰው መሳቅና ማልቀስ አምታታው። አሮጊቷ ውኃውን በጠባሳው ላይ ቀስ አድርገው አፈሰሱና፣ «በዚሁ አፌ የጣልኩትን በዚሁ አፌ አንሥቻለሁ። ሂጂ፣ ላማይ» አሉ። በስማቸው ጠሯቸው። እናታቸው ያን ስም ከዚያ አፍ ሲሰሙ ከዘመናት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ትንፋሻቸው ሞላ።

ወይዘሮ ላማይ እናታቸውን ወይዘሮ ሳንጊያምን፣ ባለቤታቸውን አቶ ፕራዊትን፣ ልጃቸውን ኒራሞንን ከነባለቤቷ፣ አንድ የልጅ ልጅ፣ ያስተማሯቸውን ብዙ ተዋናዮችና ከጀልባ ማሠሪያው ሥር አሁንም የሚጠብቋቸውን ድመቶች ትተው ሄደዋል። በሰባቱ የጸሎት ቀናት መነኮሳትን ላገለገላችሁ፣ ሩዝና ዓሣ ላመጣችሁ፣ ከሩቅ አገር በባቡርና በጀልባ ለመጣችሁ ቤተ ሰቡ ምስጋናውን ያቀርባል።

ዛሬ በዚህ ግቢ የቆማችሁትን ስናይ ግማሻችሁን አናውቃችሁም። ከራቻቡሪ፣ ከፔቻቡሪ፣ ከባንኮክ መጥታችኋል። ቴሌቪዥን ላይ ነው የምናውቃት ብላችሁ ነው የመጣችሁት። እንግዲህ አገሩ ተሰብስቧል። አለቃው የተናገሩት ቀን ይህ ነው፤ ወይዘሮ ላማይም ጠይቂልኝ ያሉት ለዚህ ቀን ነው። አስከሬናቸው ለእሳቱ ከመሰጠቱ በፊት ከሰንደል እንጨት የተሠራውን አበባችሁን ይዛችሁ ወደ ሣጥናቸው ስትወጡ፣ በዚህች ሴት ፊት ላይ ክፉ ቃል ጥላችሁ የነበራችሁ፣ በሳቅም ይሁን በንዴት፣ በገበያም ይሁን በቤታችሁ ምንጣፍ ላይ ተቀምጣችሁ፣ አበባውን ስታኖሩ ቃሉን አንሡላቸው። ጮክ ማለት አያስፈልግም። ፊታቸውን መልሱላቸው፤ ላማይ ብላችሁ በስማቸው ጥሯቸው።

እሳቸው በበኩላቸው ጠይቀዋል። እንደ ሥርዓታችን በሣጥናቸው ውስጥ ሁለት እጆቻቸው ተጋጥመው፣ አበባ ይዘው፣ ወደ ግንባራቸው ቀና ብለው ታስረዋል። ከእያንዳንዱ ጥፊ በፊት ያደርጉት እንደነበረው ነው። መልሱ በእናንተ አፍ ነው።

የሠሩት በጎ ሥራ ሁሉ ቀድሟቸው መንገዱን ይጥረግላቸው፤ እሾህ የሌለበት ይሁን። ዳግም በሚወለዱበት ሁሉ በገዛ ፊታቸው ይታወቁ፤ የሚያያቸውም ሰው ይሳቅላቸው።